እናቴን የዳርኩበት ሚያዝያ

እናቴ ልታገባ መሆኗን የነገረችኝ በአንድ የዐቢይ ጾም ቅዳሜ፣ ከሰዓት በኋላ፣ ግቢያችን ውስጥ ሰሌን አንጥፈን ዛላ በርበሬ ስንቀነጥስ ነው። ቀና ብላ አላየችኝም። አንዱን ዛላ አንስታ ጭራውን ቀነጠሰችና፣ «ጆንያ የሚሰፉት ሰውዬ ጠይቀውኛል። እሺ ብያለሁ» አለች። ከዚያ ሌላ ዛላ አነሳች።

ያኔ ሃያ ስድስት ዓመቴ ነው። አንድ የመንግሥት መሥሪያ ቤት ውስጥ ታይፒስት ነበርኩ። አባቴ የሞተው የዐሥራ ሁለት ዓመት ልጅ ሳለሁ ነው፤ ከዚያ ወዲህ ያሳደገችኝም ያስተማረችኝም በርበሬ በረንዳ ያለችው የእናቴ መደብ ናት። ቤታችን ከጭድ ተራ ጀርባ፣ አራት አባወራ በሚጋራው የቀበሌ ግቢ ውስጥ፣ አንድ ክፍልና አንዲት ጓዳ ነበረች። ግድግዳው፣ አንሶላው፣ የኔ የቢሮ ሹራብ ሳይቀር በርበሬ በርበሬ ይሸታል። እኛ ቤት የሰው ዓይን ሁልጊዜ እርጥብ ስለሆነ ያለቀሰውን ካላለቀሰው መለየት አይቻልም። የዚያን ዕለት ዓይኔን ሲያቃጥለኝ እናቴ ምክንያቱን አልጠየቀችኝም። 

ሰውየውን አውቃቸዋለሁ። ጎጃም በረንዳ፣ አንድ የእህል መጋዘን አፍ ላይ፣ የተደፋ ሣጥን ላይ ተቀምጠው፣ መዳፍ በሚያህል መርፌ የጆንያ አፍ ይሰፋሉ። አገራቸው ጎጃም ነው፤ አዲስ አበባ ከገቡ ብዙ ዘመን ሆኗቸዋል። ሚስታቸው ሞተውባቸዋል፤ ልጅ የላቸውም። ሲናገሩ ድምፃቸው ለራሳቸው የሚያወሩ ያህል ዝግ ያለ ነው። በየቅዳሜው እናቴ መደብ ብቅ ብለው ሩብ ኪሎ በርበሬ ይገዛሉ። እናቴ እኒህ ሰውዬ ብቻቸውን ይህን ሁሉ በርበሬ ምን ያደርጉታል እያለች ትገረም ነበር። ኋላ ቤታቸው ስንገባ፣ መደርደሪያው ከጫፍ እስከ ጫፍ በርበሬ በተሞሉ ጣሳዎች ተሰልፎ አገኘነው፤ አብዛኛው ክዳኑ እንኳ አልተከፈተም።

ስለዚህ ጋብቻውን አልጠላሁትም። ራሴን ሰብሰብ አድርጌ፣ በጣም ጥሩ ነው አልኳት። ማዘጋጃ ቤት ሄዳችሁ ትፈርማላችሁ፣ እኔ ምስክር እሆናለሁ፣ ከዚያ እኛው በእኛው ምሳ እንበላለን፣ የጨዋ ሰው ነገር በዚህ ያልቃል አልኳት።

እናቴ የቀነጠሰችውን በርበሬ ሰፌድ ላይ ሰብስባ አንገዋለለችው። «ፊርማ አይደለም የምፈልገው» አለች። «ሰርግ ነው የምፈልገው። ድንኳን ተተክሎ፣ ሚዜ ቆሞ፣ እልል ተብሎ።»

ሳቅኩ። እሷ አልሳቀችም።

ከዚያ በኋላ ያሉት ሁለት ሳምንታት በክርክር አለፉ። ክርክር ይባል እንጂ የምናገረው እኔ ብቻ ነበርኩ። ዘመኑን ቆጠርኩላት፤ ስኳር በራሽን ነው፣ ዘይቱም ከቀበሌ ሱቅ በወረፋ ነው፣ ሰዓት እላፊ አለ፣ አገሩ በድርቅ ተጎድቶ ባለበት ጊዜ ድግስ ደግሶ መጨፈር ያሳፍራል አልኳት። ዕድሜዋን ቆጠርኩላት፤ እሱን እንኳ እሷም እኔም በትክክል አናውቀውም ነበር፤ አርባ አምስት ወይ አርባ ስድስት ብንል ነው። ለመበለት ተክሊል እንደማይደፋም ልነግራት ሞከርኩ። እሱን ከኔ የበለጠ ታውቀዋለች። የንስሐ አባቷ እንደሚጸልዩላቸው፣ እሱ የሷና የእግዚአብሔር ጉዳይ እንደሆነ፣ ድንኳኑ ግን የሷ ብቻ እንደሆነ ነገረችኝ።

ያልነገርኳት አንድ ምክንያት ነበር፤ ዋናውም እሱ ነው። አንዲት ጎረቤታችን ቧንቧ ወረፋ ላይ፣ እኔ ሰምቼ እንዳልሰማሁ እንድሆን በሚመች ድምፅ፣ «ልጅ ቤቷ ቁጭ ብላ እናት ትዳራለች?» ብላለች። ወሬው ቢሮዬ ድረስ የሚደርስ መሰለኝ። ከበሮው ጭድ ተራን አልፎ፣ አብነትን አልፎ፣ ጠረጴዛዬ ድረስ መጥቶ ከታይፕ መኪናዬ ጎን የሚደለቅ መሰለኝ። ፊርማ ድምፅ የለውም። ፊርማን የወደድኩት ለዚህ ነው።

አንድ ረቡዕ፣ ከቢሮ ስመለስ፣ የበልግ ዝናብ ያዘና ሁለታችንም ከቤት ሆነን በሩን ከፍተን ዝናቡን ማየት ጀመርን። ቆርቆሮው ይጮህ ስለነበር መጀመሪያ የተናገረችውን አልሰማሁትም። ዝናቡ ቀነስ ሲል ነው ስለ መጀመሪያ ሰርጓ እያወራች መሆኑ የገባኝ። እስከዚያ ቀን አንድም ጊዜ አውርታኝ አታውቅም።

ስምንት ወይ ዘጠኝ ዓመቷ ነበር። ሸዋ ውስጥ፣ አሁን ስሙን ብቻ በማውቀው አንድ የገጠር መንደር፣ ጠዋት እግሯን አጠቧት፤ ድግስ ልንወስድሽ ነው አሏት። ጓዳ ውስጥ ቁርበት ላይ አስቀመጧትና ተነሽ እስክትባል እንድትቆይ ነገሯት። ከግድግዳው ወዲያ ዳሱ ሞልቷል። ከበሮው ይሰማታል፣ የሰው እግር መሬት ሲመታ ቁርበቱ ከሥሯ ይንቀጠቀጣል፣ የወጡ ሽታ ይመጣል፣ ሰው ግን ወደ ጓዳ አይመጣም። ቆየች። ጥግ ላይ ካለ ጭራሮ ጋር ተጫወተች። ከዚያ እንቅልፍ ወሰዳት።

ከሚዜዎቹ አንዱ በጀርባው አዝሎ፣ ኋላም በቅሎ ላይ አቅፎ፣ በጋቢ ሸፍኖ ወሰዳት። ከመንገዱ የምታስታውሰው ቁርጥራጩን ነው። ቅቤ የሚሸት የሰው አንገት። ውኃ ሲሻገሩ የበቅሎዋ ሆድ ሥር የሚንቦጫረቅ ድምፅ። በጋቢው ቀዳዳ አንድ ጊዜ ብቻ የታየ፣ ሰፊ፣ ነጭ ሰማይ። ሕልም ይሁን እውን ዛሬም ድረስ እንደማታውቅ ነገረችኝ። ስትነቃ የማታውቀው ቤት ውስጥ ናት፤ አንዲት ጥጃ ቆማ ታያታለች። አማቷ ወተት ሰጧትና፣ በቃ አለቀ፣ ከእንግዲህ ቤትሽ ይኸ ነው አሏት። እኒያ ሴት እንደ ልጃቸው አሳደጓት። ያገባት አባቴም ደግ ሰው ነበር፤ አዲስ አበባ ይዟት የመጣው አድጋ፣ ጎልምሳ፣ ከስንት ዓመት በኋላ ነው። በማንም ላይ ቅሬታ እንደሌላት ደጋግማ ነገረችኝ።

«ያን ሰርግ ሰው ሁሉ ያውቀዋል» አለችኝ። «ስንት ሰንጋ እንደታረደ፣ ማን ግጥም እንዳወረደ፣ ማን ሰክሮ እንደወደቀ ሲያወሩ እሰማ ነበር። የሌለሁበት እኔ ብቻ ነኝ። አሁን አንድ ቀን ነቅቼ ባየው ብዬ ነው።»

ዝናቡ አቆመ። ተነስታ የሰሌኑን ውኃ አራገፈች።

ይህን ሰምቼ ወዲያው ልቤ ተለወጠ ብል ደስ ባለኝ ነበር። አልተለወጠም። አዘንኩላት እንጂ ሐሳቤን አልተውኩም። ያለፈ ነገር በድንኳን አይመለስም አልኩ ለራሴ። በማግስቱ ከቢሮ አስፈቅጄ ወጥቼ ሰውየው ዘንድ ጎጃም በረንዳ ሄድኩ። እሷን እንዲያሳምኑልኝ ልለምናቸው ነበር። በእጅ ጋሪዎቹ መካከል ተሹለክልኬ ስደርስ፣ አንድ የጤፍ ጆንያ ጉልበታቸው መካከል አቁመው እየሰፉ ነው። ተነስተው ሣጥኑን ለቀቁልኝ። የልቤን ነገርኳቸው። እሳቸው ሰው የሚያያቸው ሰው እንዳልሆኑ፣ ለራሳቸው ቢሆን ፊርማ ከበቂ በላይ እንደሆነ ነገሩኝ። ደስ አለኝ። ከዚያ ሲባጎውን በጥርሳቸው በጠሱና፣

«ግን እሳቸው ሰርግ ካሉ ሰርግ ነው» አሉኝ። «እኔ የጆንያውን አፍ ነው የምሰፋ። ምን እንደሚገባበት የሚያውቀው ባለቤቱ ነው።»

እናቴን «እሳቸው» ነበር የሚሏት፤ እሷም እንደዚያው። እስከ መጨረሻው ድረስ አልተዉትም።

የቀረኝ ተስፋ ቀበሌው ነበር። ያለ ቀበሌ ፈቃድ ድንኳን አይተከልም። በሳምንቱ ረቡዕ እናቴን አስከትዬ የሄድኩት ሊቀመንበሩ ይከለክላታል ብዬ እንደሆነ አሁን ብናዘዝ አያሳፍረኝም። ሊቀመንበሩ ከኔ በዕድሜ ብዙም የማይበልጥ፣ ካኪ ለባሽ፣ ሽጉጡን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጦ የሚሠራ ሰው ነበር። እናቴን «እትዬ» እያለ፣ በትሕትና፣ እኔ ለሁለት ሳምንት የተናገርኩትን ሁሉ ደገመላት። ድርቁን፣ ራሽኑን፣ ዘመኑን። የዘመኑ ጋብቻ በማዘጋጃ ቤት ነው አላት። እናቴ እጇን ነጠላዋ ውስጥ አድርጋ ሰማችው፤ ሲጨርስ አልሄደችም። እዚያው ቆመች። ሰውየው መፃፍ ጀመረ፣ ቀና ሲል አለች። በመጨረሻ፣ በሉ መጀመሪያ የማዘጋጃ ቤቱን ወረቀት ይዛችሁ ኑና ያኔ እንነጋገራለን አለ።

ከዚህ የተሻለ ነገር አልጠብቅም ነበር። አንዴ ከፈረመች የሰርጉ አምሮት ራሱ ይወጣላታል ብዬ አሰብኩ። ጾም ነው እንዳትለኝ ፈርቼ ነበር፤ እሷ ግን፣ ወረቀት ጾም አይገድፍም ብላ ለማግስቱ ሐሙስ ተዘጋጀች።

አራት ሆነን ነበር የሄድነው። እናቴ፣ ሰውየው፣ እኔ፣ በእሳቸው በኩል ደግሞ አብሯቸው መጋዘን የሚሠራ አንድ የተከበረ ተሸካሚ። የማዘጋጃ ቤቱ ኮሪደር ረጅምና ቀዝቃዛ ነበር፤ ባለ ቬሎ ልጃገረዶች ከነአበባቸው አግዳሚ ወንበር ላይ ተሰልፈዋል። ቀሚሳቸው በጨለማው ኮሪደር ውስጥ እንደ ጭስ ነጭ ሆኖ ይታያል። እኔ የቢሮ ጉርዴን ለብሼ፣ ፀጉሬን ተሠርቼ፣ ጫማዬን አስጠርጌ ነበር። እናቴ ለወረቀት ብላ የክት ልብስ አልለበሰችም፤ መደብ የምትውልበትን ቀሚሷን አጥባ፣ ነጠላዋን ተከናንባ ነው የመጣችው።

ተጠራንና ገባን። መዝጋቢው ጎበጥ ያለ፣ መነጽሩን አፍንጫው ጫፍ ላይ ያደረገ ሰው ነበር። ከመዝገቡ ላይ ቀና ብሎ እኔን አየኝ፣ ፈገግም አለ። ሙሽራዋ ወደዚህ ቅረቢ አለኝ፤ እናቴን ደግሞ እዚያ ከኋላ ወንበር አለልዎት አላት። ከዚያ ወደ ሰውየው ዞሮ፣ አባት ይሁኑ ወይስ አጎት ጠየቃቸውና ሙሽራው የት እንዳለ ጠየቀ።

እናቴ የምትሸማቀቅ፣ ነጠላዋን ይበልጥ የምትከናነብ መስሎኝ ላያት አልደፈርኩም። እሷ ግን ነጠላዋን ከራሷ ላይ አውርዳ ትከሻዋ ላይ ጣለችው፤ ሹሩባዋ ታየ። ወደ ጠረጴዛው ሄደች።

«ሙሽራዋ እኔ ነኝ» አለች።

መዝጋቢው ደነገጠ፤ ይቅርታም ጠየቃት። ለማካካስ ይመስላል፣ በጥንቃቄ፣ ትፈርም እንደሆነ ወይስ ጣቷን ታሳርፍ እንደሆነ ጠየቃት። እናቴ መሠረተ ትምህርት ከተማረች ሦስት ዓመቷ ነው። እፈርማለሁ አለች። ብዕሩን እንደ ወናፍ እጀታ ጨብጣ፣ የስሟን ፊደላት አንድ በአንድ ተከለቻቸው። አንዱን ፊደል ጨርሳ ወደሚቀጥለው ስትሄድ ትንፋሽ ትወስዳለች። ሰውየው ፈረሙ፣ እኔ ፈረምኩ፣ ተሸካሚው ጣቱን አሳረፈ። ማኅተም ተመታ። ሁሉ ተደማምሮ አንድ ኪሎ በርበሬ መዝኖ ከመጠቅለል ያነሰ ጊዜ ነው የወሰደው። መዝጋቢው ወረቀቱን ሰጣትና ለቀጣዮቹ ጥሪ ወደ በሩ ዞረ።

እናቴ ከጠረጴዛው አልተንቀሳቀሰችም።

«አለቀ?» አለችው።

«አለቀ፣ እትዬ» አላት።

ያኔ ወደኔ ዞራ አየችኝ። ያን ፊት እስከ ዛሬ አልረሳሁትም። ከእንቅልፉ ነቅቶ የት እንዳለ የማያውቅ ልጅ ፊት ነበር። የማታውቀው ክፍል ውስጥ፣ የማታውቀው ሰው፣ አለቀ ብሏታል፤ ለሁለተኛ ጊዜ። የነገረችኝ ሁሉ የገባኝ እዚያ ቆሜ ነው። ኮሪደሩን ይዘን ስንወጣ፣ ደረጃው ላይ ክንዷን ያዝኩና፣ «እማዬ፣ ድንኳኑን እኔ አመጣዋለሁ» አልኳት። ወረቀቱን አጥፋ ጉያዋ ውስጥ ከተተችው።

በዚያው ቀን ወረቀቱን ከእናቴ ተቀብዬ ቀበሌ ብቻዬን ተመለስኩ። ሊቀመንበሩ ወረቀቱን አገላብጦ አየውና፣ ታዲያ ካገቡ ድንኳኑ ለምን አስፈለገ አለኝ። የፖለቲካ ቃል ይዤ ልከራከረው አስቤ ነበር፤ አፌን ስከፍት ግን የወጣው ሌላ ነው። «ጓድ ሊቀመንበር፣ እናቴ የመጀመሪያውን ሰርጓን ተኝታ ነው ያሳለፈችው» አልኩት፤ ታሪኩንም ነገርኩት። እስክጨርስ አላቋረጠኝም። እስክሪብቶውን ጠረጴዛው ላይ እያሽከረከረ ቆየ፤ የሱም እናት እንደዚያው መሆናቸውን፣ ስለ ሰርጋቸው ሲጠየቁ ሁልጊዜ ወሬ እንደሚቀይሩ፣ መስኮቱን እያየ ነገረኝ። ከዚያ ፈቃዱን ጻፈልኝ። ለዳግማይ ትንሣኤ እሑድ ብቻ፣ ከአንድ በግ ሳይበልጥ፣ ድንኳኑ ዐሥራ ሁለት ሰዓት ላይ እንዲፈርስ።

ፈቃዱ ተገኘ፣ ድንኳኑ ግን ጠፋ። የእድሩ ድንኳን አብነት አጠገብ አንድ ልቅሶ ቤት ተተክሎ ነበር፤ ልጃቸው ጦር ግንባር ላይ መሞቱን የተረዱ ቤተሰቦች ናቸው፤ እስከዚያ እሑድ አይነሳም። ሊቀመንበሩ ልጻፍላችሁና ይነሳ ቢል እናቴ ራሷ እንቢ አለች። ልጇን ያጣች እናት የተጠለለችበት ድንኳን አይነቀልም፣ ካልሆነ ሰማዩ ይበቃናል አለች። ልቅሶ ቤቱም ሄዳ ተቀምጣ መጣች።

መፍትሔው የመጣው ከሰውየው ነው። ማንም አልጠየቃቸውም። የመጋዘኑ ባለቤት የሚጥላቸውን የተቀደዱ ጆንያዎች ለምነው፣ ከሕማማት ሳምንት አስቀድመው፣ በየቀኑ ከሥራ በኋላ ሥራ ጀመሩ። ጆንያዎቹን ተርትረው፣ አጥበው፣ አንዱን ካንዱ እያያያዙ ሰፏቸው። ተሸካሚዎቹ ጫፍ ጫፉን ይይዙላቸዋል። ከቢሮ ስወጣ በዚያ በኩል ማለፍ ጀመርኩ። በየቀኑ እየሰፋ፣ ከመጋዘኑ አፍ እየወጣ፣ በረንዳው ላይ እየተዘረጋ ይጠብቀኛል። ጋሪ ገፊዎች ዞረውት ያልፋሉ። ማንም ምንድን ነው ብሎ አይጠይቅም፤ ጎጃም በረንዳ ሁሉ የማን እንደሆነ ያውቃል።

በዋዜማው ቅዳሜ፣ ገና ፀሐይ ሳለች፣ የበርበሬ በረንዳ ሴቶች መጥተው ለእናቴ እንሶስላ አሰሩላት። ጣቶቿ ዕድሜዋን ሙሉ ከበርበሬ ጋር ስለኖሩ ከእንሶስላው በፊትም ቀይ ነበሩ፤ የትኛው የሙሽራ ቀለም የትኛው የመደብ ቀለም እንደሆነ መለየት አቅቶን ሳቅን። መርካቶ ውስጥ የተከራየሁላትን ካባ አለበስናት። ሰፊ ነበር፤ ስንት ሙሽራ እንደለበሰው እግዜር ይወቅ፣ ናፍታሊን ይሸታል። እሷ ግን የወርቅ ጥልፉን በጣቷ እየተከተለች ዙሪያውን ጨረሰችው።

ያን እሑድ ሳስታውሰው እንደ ቀን አላስታውሰውም። እንደ ብርሃን ነው የማስታውሰው። ድንኳኑ ግቢያችን ላይ ተወጥሮ ነበር፤ ፀሐይዋ ከፍ ስትል በጆንያው ክር መካከል እያጮለቀች ገባች። እያንዳንዷ ቀዳዳ የጤፍ ፍሬ የምታህል ብርሃን ታወርዳለች። በሰዉ ፊት፣ በእንጀራው፣ በብርጭቆው፣ በነጠላው ላይ ተበተነች። ነፋስ ድንኳኑን ሲያወዛውዘው ብርሃኑ ሁሉ አብሮ ይሄዳል፣ ይመለሳል። ሰው ሲያወራ ድምፁን ዝቅ አድርጎ ነበር። የድሮ እህል ሽታ ከላይ ይወርዳል። እናቴ ጓዳ ውስጥ አልተቀመጠችም፤ እንቢ አለች። በሩ ላይ ወንበር አስወጥታ ተቀመጠችና ሁሉን ነገር አየች። እኔ አንደኛ ሚዜዋ ነበርኩ፤ ከጎኗ ቆሜያለሁ። ያ የሚያጨበጭበው ማነው፣ ያቺ ሽሮ መልክ ቀሚስ የለበሰችው የማን ልጅ ናት፣ ከበሮውን ለምን አላሞቁትም እያለች ትጠይቀኛለች። በጉ ሲታረድም ካላየሁ አለች።

ሙሽራው ሲደርሱ የበርበሬ በረንዳ ሴቶች በሩን ዘጉ። ልማዱ ነው፤ የሙሽራዋ ወገን እያዜመ ሙሽራውን ከደጅ ያቆማል፣ የሱ ወገን እየገፋ ይገባል። ሙሽራው የተዋሱት ኮት እጁ አጥሮባቸው፣ ጃንጥላ ይዘው፣ ደጅ ላይ ቆሙ። ሚዜዎቻቸው ሦስት ተሸካሚዎች ናቸው፤ ኩንታል እህል በአንድ ትከሻ የሚያነሱ ሰዎች፣ ሴቶችን እንዴት እንደሚገፉ ጨንቋቸው እጃቸውን አጣምረው ቀሩ። ሴቶቹ አዜሙ፣ ጨፈሩ፣ አልከፍት አሉ። ቧንቧ ላይ ያማችን ያቺ ጎረቤት ሳትቀር መሐላቸው ነበረች፤ ድምፅዋ ከሁሉ ይበልጣል። ሰውየው ሲያልባቸው አየሁና አዘንኩላቸው፤ ክፈቱላቸው ልል ስል እናቴ እጄን ያዘችኝ።

«ተይ፣ ትንሽ ይቁሙ» አለችኝ በጆሮዬ። «ገና ነው።»

ስለዚህ ቆሙ። ዓይኖቿ በሩ ላይ ነበሩ፤ ፊቷ ላይ የጤፍ ፍሬ ብርሃኑ ይሄዳል ይመለሳል። በቃ እስክትል ድረስ ማንም አልከፈተም።

ከምሳ በኋላ ወደ ባሏ ቤት ልንሸኛት ወጣን። መኪና አልነበረንም፤ መንገዱም ቅርብ ነው። ሲነጋጋ ዝናብ ጥሎ ስለነበር የጭድ ተራ መንገድ ጭቃ ሆኗል። እኔ የካባውን ጫፍ ይዤ፣ ጫማዋ እንዴት ሊሆን ነው እያልኩ ስጨነቅ፣ የመጀመሪያው ጭድ ሻጭ ሳይናገር አንድ እቅፍ ጭድ አንስቶ ከፊታችን በተነ። ቀጥሎ ያለውም በተነ። ከዚያ ግራና ቀኝ ያሉት ሁሉ፣ አንዱ ሌላውን ሳይጠይቅ፣ ጭቃውን በጭድ አለበሱት። ፀሐይ ሲመታው መንገዱ ሁሉ ቢጫ ሆነ፣ እርጥብ መሬት ስለነበርም ከሥሩ እንፋሎት መነሳት ጀመረ። እናቴ በዚያ ላይ ሄደች። ቀስ ብላ፣ አንድ እግሯን አሳርፋ ሌላውን እያነሳች። ከኋላችን አህዮች የሰርጉን መንገድ እየበሉ ተከተሉን። ከበሮው ይመታ እንደነበር አውቃለሁ፤ በትዝታዬ ውስጥ ግን ያ መንገድ ድምፅ የለውም፤ ጭዱ ከእግራችን ሥር የሚያሰማው ብቻ ነው ያለው።

ዐሥራ ሁለት ሰዓት ሳይሞላ ድንኳኑ ፈረሰ። ተሸካሚዎቹ አጥፈው ይዘውት ሄዱ፤ ሰውየው መልሰው ፈትተው ጆንያ አደረጉት ሲባል ሰማሁ፤ እህል ተሞልቶበት የት እንደደረሰ ማን ያውቃል። እኔ ቤት ገብቼ የመጀመሪያዋን ሌሊት ብቻዬን አደርኩ። አላለቀስኩም። ሰኞ ቢሮ ገባሁ፤ የፈራሁት ወሬ ደርሶ ነበር። አንዲት የሥራ ባልደረባዬ ወንበሯን አስጠግታ፣ እናትሽን ዳርሽ አሉ፣ እስቲ አውሪልን አለችኝ። ሌሎቹም መጡ። እስከ ሻይ ሰዓት ድረስ አወራሁላቸው።

ከሁለት ዓመት በኋላ እኔም አገባሁ። ያ ኮሪደር፣ ያው መዝጋቢ፣ ምስክሮች፣ ከዚያ ምሳ። ለራሴ የወደድኩት እሱን ነበር፤ እናቴም አንድ ቃል አልተናገረችኝም። እሷና ሰውየው ዐሥራ አንድ ዓመት አብረው ኖሩ። መንግሥት ተለወጠ፣ ቀበሌው ተለወጠ፣ እሳቸው ዓይናቸው ደክሞ መርፌውን እስኪተዉት ድረስ መጋዘኑ አፍ ላይ ሰፉ። እኔ ሁልጊዜ ጋሼ እያልኩ ጠራኋቸው። አባት የሚለውን ቃል ልሰጣቸው የሞከርኩባቸው ቀኖች ነበሩ፤ አፌ ላይ ደርሶ ይቀራል። እሳቸውም አልጠበቁትም መሰለኝ።

ከሁሉ ይልቅ የምወደው ግን ከሰርጉ በኋላ ያለው ረቡዕ ነው። ለመልስ የጠራኋቸው ዕለት። መልስ የሚጠራው የሙሽራ ወላጅ ነው፤ እናቴ ከኔ ሌላ ወላጅ የላትም። ከቢሮ ፈቃድ ወስጄ ዶሮ ሠራሁ፣ እንጀራ ከጎረቤት ገዛሁ፣ አንሶላዎቹን ሁሉ አጥቤ ሽታቸውን ለማስለቀቅ ከንቱ ደከምኩ። ዘጠኝ ሰዓት ላይ መጡ። እናቴ በራሷ ቤት በር ላይ ቆማ፣ ግቡ እስክትባል ጠበቀች። ስትገባ ዓይኗ ወደ ጓዳው ሄደ፤ ልትነሳና ወጡን ልታማስል ስትል፣ ተቀመጪ፣ እንግዳ ነሽ አልኳት። ተቀመጠች። እጇን ጭኗ ላይ አድርጋ፣ ያን የኖረችበትን ክፍል እንደ አዲስ ሰው ዙሪያውን አየችው። እኔ እጅ አስታጠብኳቸው። ጋሼ ዶሮው ጥሩ እንደሆነ ሁለት ጊዜ ተናገሩ፤ ጨው በዝቶበት እንደነበር እኔም አውቃለሁ።

ሰዓት እላፊ ሩቅ ቢሆንም ሳይመሽ ተነሱ። እስከ መንገዱ ሸኘኋቸውና ቆሜ አየኋቸው። ጎን ለጎን ሆነው፣ ሳይነካኩ፣ በጋሪዎቹ መካከል ቀስ ብለው ሄዱ። እሳቸው የእናቴን የእጅ ቦርሳ ይዘውላት ነበር፤ እንዴት እንደሚያዝ ስላላወቁ፣ እንቁላል እንደያዘ ሰው በሁለት እጃቸው ደረታቸው ላይ አቅፈውት። ጥጉን ታጠፉ።